ሽማግሌ የተላከበት ምዕራፍ

እሑድ፣ ጥቅምት 4 ቀን 2005 ዓ.ም.

ዛሬ ከቅዳሴ በኋላ ሸዋዓለም ምን ብትለኝ ጥሩ ነው? «ልጄ የታሪክ ምሁር ናት እያልሽ፣ ስለ ላውንድሪ ቤት ነው እንዴ የምትጽፈው? ስለ ፕሬዝዳንቶቹ አትጽፍም?» ሰው ሁሉ ሻይ ይዞ ቆሞ ይሰማል። ፕሬዝዳንቶቹን የሚጽፍላቸው ሞልቷል አልኳት፤ ሸሚዛቸውን ማን እንዳጠበላቸው የጻፈች ግን የኔ ልጅ ናት። ሸዋዓለም የድሮ ጓደኛዬ ናት፣ ምላሷን አውቀዋለሁ። ሻይዋን ፉት አለች። ደስ አለኝ።

ለሰው የማይገባው ይሄ ነው። ሩሃማ ዩኒቨርሲቲ ውስጥ የአሜሪካን ታሪክ ታስተምራለች፤ አሜሪካኖቹን የገዛ ታሪካቸውን ነው የምታስተምራቸው። የመጀመሪያው መጽሐፏ ስለ ሕዝብ ልብስ ማጠቢያ ቤቶች ነው። ሁለተኛው ሰዎች በቤታቸው በረንዳ ላይ መቀመጥ ለምን እንደተዉ ነው። ሁለቱም ሳሎን የመስታወቱ ቁም ሳጥን ውስጥ ናቸው። እንግዳ ሲመጣ አውጥቼ አስይዘዋለሁ፤ ሳያገላብጥ ምግብ አይቀርብለትም።

ሦስተኛው አለቀ ብላ ልትነግረኝ ዛሬ ከምትኖርበት ከሲልቨር ስፕሪንግ አሌክሳንድሪያ ቤቴ ድረስ መጣች። ስትስቅ ያ ጥርሷ ቤቱን ሞላው። የኔ ልጅ ጥርስ ማንም ጋር የለም። ስለ ምንድን ነው አልኳት። በሰው ቤት እያደሩ ስለሚሠሩ ሴቶች ነው፣ በዋሽንግተን ዙሪያ ስለነበሩት፣ አለችኝ። እሰይ አልኩ። መኪናዋን አስነስታ ልትሄድ ስትል በመስኮት ፖስታ ሰጠችኝ። «እማ፣ ምዕራፍ ስድስት አንቺ ነሽ። ስምሽን ቀይሬዋለሁ። አንብቢውና ንገሪኝ።»

ማክሰኞ፣ ጥቅምት 6

ፖስታው መሳቢያ ውስጥ ነው። አልከፈትኩትም። ከሆስፒታል ሺፍት ስመለስ አወጣሁት፣ መልሼ ከተትኩት። ሰው ምዕራፍ ይሆናል እንዴ?

እሑድ፣ ጥቅምት 11

እዚህ አገር ያለ ሐበሻ የሚያውቀኝ ጠበቃ ቢሮ የሠራች ተብዬ ነው። እኔ አልዋሸሁም። ያኔ ምን ትሠሪያለሽ ሲሉኝ ጠበቃ ጋር ነው የምሠራው አልኩ። ሰውዬው ጠበቃ ነበሩ። ቤታቸው እያደርኩ ልጃቸውን አሳድግ ነበር፤ እሱን ደግሞ ማንም አልጠየቀኝም። ቆይቶ ሰው የኢሚግሬሽን ወረቀቱን ይዞልኝ ይመጣ ጀመር። ማታ ሰሃን ካጣጠብኩ በኋላ ለሰውዬው አሳያቸዋለሁ፣ መልሱን ይዤ እሑድ ቤተ ክርስቲያን እሄዳለሁ። የስንቱ ጉዳይ በኔ አለቀ። ይሄ ከጠበቃ ጋር መሥራት ካልሆነ ምንድን ነው?

አሁን የገዛ ልጄ በመጽሐፍ ልታወጣው ነው። ስም ቀይሬያለሁ ትላለች። አሌክሳንድሪያ ጠበቃ ቤት ያደረች ሐበሻ፣ ልጇን አዲስ አበባ ትታ የመጣች፣ ልጇ ኋላ ፕሮፌሰር የሆነችላት። ስሙን ሸፍኖ ፊቱን መግለጥ አይደለም ወይ? ሸዋዓለም ሁለት ገጽ ሳታነብ ታውቀኛለች። ከአፍ ከወጣ አፋፍ ይባላል፤ ከመጽሐፍ የወጣስ የት ይደርሳል?

ውስጡ ምን ብላ እንደጻፈች አያሳስበኝም። የሚያሳስበኝ የሰው ወሬ ብቻ ነው።

ማክሰኞ፣ ጥቅምት 20

ትናንት ማታ በአውሎ ነፋሱ መብራት ጠፋ፣ እስካሁን አልመጣም። በጧፍ ነው የምጽፈው። ዛፍ ተገንጥሎ የጎረቤቴ መኪና ላይ ወድቋል። ሰው አልተጎዳም፣ ተመስገን።

ሩሃማ ደህና ነሽ ወይ ልትል ኮል አደረገች። ደህና ነኝ፣ ምዕራፉን ግን አውጪልኝ አልኳት። በዚያ ሁሉ ነፋስ። አንብበሽዋል ወይ አለች። አላነበብኩም፣ ማንበብም አያስፈልገኝም አልኳት። «እማ፣ እንደዚህ ያለ ነገር ጽፌ አላውቅም» አለችኝ። የጻፍሽው የኔን ኑሮ ነው፣ ያንቺን አይደለም አልኩ። ቀስ ብላ «የኔም ነበር እኮ» አለች። ከዚያ ስልኩ ተቋረጠ። ባትሪ ይሁን እሷ ትሁን አላወቅኩም።

ጥፋቱ የኔው ነው። የዛሬ ሦስት ዓመት መቅረጫ ይዛ መጣችና እዚህ ማዕድ ቤት አስቀመጠችው። ሽንኩርት እየከተፍኩ ለፈለፍኩ። ስለ ቤዝመንቷ ክፍል፣ መስኮቷ መሬት ለመሬት ስለነበረች የሰው ጫማ ብቻ ይታየኝ እንደነበር። ስለ ጠበቃው ልጅ ስለ ክሌር። ስመጣ ሦስት ዓመቷ ነበር፣ ልክ የሩሃማ እኩያ። ደርግ ልጄን አላስወጣም ብሎ ስድስት ዓመት ሲያመላልሰኝ ክሌርን ነበር ጸጉሯን የምጎነጉነው። የክሌርን ጥርስ ነገር ሳይቀር ነገርኳት፣ እየሳቅኩ። ግማሹን።

እሑድ እሑድ ግን ማንም በሽርጥ አላየኝም። ጥቁር ኮቴን፣ ነጭ ነጠላዬን፣ ተረከዘ ረጅም ጫማዬን አድርጌ ነበር ከዚያ ቤት የምወጣው። በጓሮ በር ይሁን እንጂ እንደ ሚኒስትር ሚስት ነበር የምወጣው። ይሄንን ጽፋዋለች? አልጻፈችውም፣ ጸሐፊ የሚጽፈው ሽርጡን ነው።

ማክሰኞ፣ ጥቅምት 27

ሰልፍ ቆሜ መረጥኩ። ደረቴ ላይ «መርጫለሁ» የሚለውን ተለጣፊ አድርጌ ሥራ ገባሁ። ሩሃማ አልደወለችም። እኔም አልደወልኩም። እስቲ ማን ይብሳል።

እሑድ፣ ኅዳር 2

ለመንኳት፣ ተቆጣኋት፣ አኮረፍኳት፣ አልሆነም። በመጨረሻ አገሬው የሚያደርገውን አደረግኩ። የንስሐ አባቴን አባ ገላውን ሽማግሌ ይሁኑልኝ አልኳቸው። ከማን ጋር ተጣልተሽ ነው አሉኝ። ከልጄ መጽሐፍ ጋር አልኩ።

ገመናችንን ጽፋለች አልኳቸው እንጂ ምን እንደሆነ አልነገርኳቸውም። የጻፈችው ሐሰት ነው ወይ አሉኝ። አይደለም አልኩ። ጢማቸውን አሻሹና «እውነትን በሽማግሌ ማስወጣት ገጥሞኝ አያውቅም» አሉ፤ እምቢ ግን አላሉኝም። ሁለተኛው ጋሽ አለማየሁ ናቸው፣ ጡረታ እስኪወጡ ታክሲ የነዱ፣ ሳይናገሩ የሚከበሩ ሰው። ሦስተኛ ጠፋና የሸዋዓለምን ባል ኃይሉን ለመንነው። የፈሩት ይደርሳል አሉ። አሁን ሸዋዓለም አወቀች ማለት ነው፣ ቢያንስ አንድ ነገር እንዳለ።

እሑድ፣ ኅዳር 9

ሄዱ። ላኪ አብሮ አይገባምና እኔ ሲልቨር ስፕሪንግ ሕንፃዋ ሥር ፓርኪንግ ውስጥ ጋሽ አለማየሁ መኪና ላይ ተቀምጬ ጠበቅኩ። ብርድ፣ ጨለማ፣ የሰው መኪና ሲገባ ጎንበስ። እኔ ውብነሽ፣ የማኅበር ጸሐፊ፣ እንደ ሌባ።

ጋሽ አለማየሁ ሲመለሱ እንደነገሩኝ፣ በሩን ስትከፍት ሦስቱም ነጠላቸውን ከካፖርታቸው ላይ አጣፍተው ቆመዋል። ልጅቷ አንድ ሰው ለጋብቻ የላካቸው መስሏት ሳቀች። ወንበሩን ሁሉ መጽሐፍ ሞልቶት ነበርና እያነሳች ተቀመጡ አለች። ጉዳያችን ካልተፈጸመ አንቀመጥም አሉ። ምንድን ነው ብትል አባ ገላው ምዕራፍ ስድስትን ለእናትሽ ማሪልን አሏት።

ሳቋ ጠፋ አሉ። መስኮቱ ጋ ሄዳ ጀርባዋን ሰጥታቸው ቆመች። እነሱም ቆሙ፤ ኃይሉ ጉልበቱን ያመዋል፣ እሱም ቆመ። ቆይታ ዞረች፣ የአባን መስቀል ተሳለመችና «ለእናንተ ስል ወጥቷል» አለች። ከዚያ ተቀመጡ፣ ጁስ ቀዳችላቸው። መጽሐፉ እስከ ገና ሳምንት መጨረሻ ድረስ እጇ ነው፣ ከዚያ ላሳታሚው ትልከዋለች። እንደ ጨዋ ልጅ ነው የተቀበለችን፣ አሳድገሻታል፣ አሉኝ ጋሽ አለማየሁ። እንዴታ! ኮራሁ። መንገዱን ሙሉ ግን በመስኮት ውጭ ውጭውን አየሁ።

ሐሙስ፣ ኅዳር 13

ታንክስጊቪንግ፣ የአሜሪካኖቹ የምስጋና በዓል። መጣች፣ ኬክ ይዛ። ተርኪ ዶሮው ጥሩ በስሎ ነበር። ሁሉን ነገር እሺ አለች። ጨው ጨምሪ እሺ፣ ውሰጂ እሺ።

ምዕራፉ እንደወጣ በእንግሊዝኛ ነገረችኝ። የቀረውንም ቀን በእንግሊዝኛ አወራችኝ። በዘጠኝ ዓመቷ ኤርፖርት ከተቀበልኳት ቀን ጀምሮ ከኔ ጋር በእንግሊዝኛ አውርታ አታውቅም። የሰው ልጆች ለእናታቸው በእንግሊዝኛ ሲመልሱ የኔዋ እንዲህ አይደለችም እያልኩ ስኮራ ኖሬያለሁ። ጥርሷን ሳላይ ሄደች።

አሸነፍኩ።

ቅዳሜ፣ ኅዳር 22

ጾም ገብቷል። እንቅልፍ የለም። ሥራ ቦታ ሱፐርቫይዘር ሆኜ የሕመምተኛ ምግብ አምታታሁ። እኔ!

ምን ጻፈች የሚለው አያሳስበኝም ብያለሁ። አሁን ደግሞ ወጥቷል፤ ምን አገባኝ።

ማታ የበረንዳውን መጽሐፍ ከቁም ሳጥኑ አወጣሁ። ይኸው ስንት ጊዜ ለእንግዳ አስይዤዋለሁ፣ እኔ ግን ሽፋኑንና የኋላውን ፎቶዋን እንጂ ውስጡን አላነበብኩትም። መዝገበ ቃላት አስቀምጬ ጀመርኩ። መዝገበ ቃላቱ ብዙም አላስፈለገኝም፣ ልጄ የሚገባ እንግሊዝኛ ነው የምትጽፈው። መሐሉ ላይ ስለ ቤት ሠራተኞች ይመጣል። በረንዳውን በየጠዋቱ የሚጠርጉት፣ የወንበሩን ትራስ የሚያራግፉት እነሱ ነበሩ፣ አንድ ቀን እንኳ ግን ተቀምጠውበት አያውቁም ትላለች። መንገደኛው ሰላምታ የሚሰጠው ለተቀመጠው ነበር፤ በረንዳውን በረንዳ ያደረገችው ግን መጥረጊያ የያዘችው ናት ትላለች።

መጽሐፉን አስቀመጥኩት። ያንን በረንዳ ስድስት ዓመት ጠርጌዋለሁ። ይሄንን ከኔ ነው የሰማችው፣ እዚያች ማዕድ ቤት ውስጥ፣ ከሽንኩርቱ ጋር። ስም የለበትም። እንዴት አድርጋ እንደጻፈችው ግን! እንዲህ የከበርኩበት ቦታ አላውቅም። ለእንግዳ ሁሉ ሳስይዘው የነበረው ለካ ራሴን ነው።

እሑድ፣ ታኅሣሥ 7

ጋሽ አለማየሁ ከቤተ ክርስቲያን ሲያደርሱኝ መኪናቸውን በኪንግ ስትሪት በኩል አዞሩ። መንገዳችን አይደለም። ከድሮው የጠበቃው ቤት ጥግ ላይ ቀስ አሉ። «እዚህ ጋ ታክሲ ይዤ ስቆም፣ ቀይ ኮት የለበሰች ልጅ እጅ ይዘሽ ስትሻገሪ አይሽ ነበር። ጥሩምባ ልነፋልሽ እልና እተወዋለሁ።»

የት ልግባ! መቼ ነው አልኳቸው። ሁልጊዜ አሉኝ። ሌላስ ማን አይቷል አልኩ። ሳቁ። ያኔ እዚህ የነበረ ሐበሻ ስንት ይሆናልና ነው፤ ሁሉም ያውቃል፣ ሸዋዓለምም ታውቃለች፣ እሷም ቤተስዳ ከተማ ሰው ቤት ትሠራ ነበር አሉ። አንቺ ጠበቃ ጋር ብለሽ ስትናገሪ ደስ ይለን ነበር፣ የሁላችንንም አንገት ቀና አድርገሽ ነው የያዝሽው አሉኝ።

ጆሮ ለባለቤቱ ባዳ ነው። ይሄን ሁሉ ዘመን ከሰው ደበቅኩ ስል፣ ማወቃቸው የተደበቀው ከኔ ብቻ ነው። ሸዋዓለም እንኳ፣ ያቺ አፏ ክዳን የሌለው፣ አንድ ቀን ትንፍሽ አላለችም። ቤት ገብቼ ኮቴን ሳላወልቅ ብዙ ተቀመጥኩ። አፈርኩ እንዳልል አላፈርኩም። ተናደድኩ እንዳልልም ሳቄ መጣ።

እንግዲህ የሰው ወሬ ከሌለ ያን ፖስታ ያልከፈትኩት ለምንድን ነው?

ዓርብ፣ ታኅሣሥ 12

ከፈትኩት።

አንድ ነገር ፈልጌ ነበር የገባሁት። ልጇን ጥላ መጣች የሚል። አንድ ጊዜ አነበብኩ፣ ደግሜ አነበብኩ፣ በጣቴ እየተከተልኩ በሦስተኛው አነበብኩ። የለም። ሴትዮዋ እሑድ እሑድ ደብዳቤ ትጽፍ ነበር ይላል። ልጅቱ አዲስ አበባ ሆና ደብዳቤዎቹን ትራሷ ሥር ታደርግ እንደነበር ይላል። ይሄንን እኔ አልነገርኳትም። ከየት አመጣችው አልኩና ከራሷ መሆኑ ገባኝ።

ጥቁሩ ኮት አለ። ተረከዘ ረጅሙ ጫማም አለ። በጓሮ በር ወጥታ ጥግ ስትዞር የቤቱ እመቤት ትመስል ነበር ይላል።

ምዕራፉ የሚጀምረው በጥርሱ ነው። እዚህ አገር የልጅ ጥርስ ሲነቀል ማታ ትራስ ሥር ይደረግና ወላጅ በድብቅ ወስዶ ሳንቲም ይተካበታል። እኔ ግን የክሌርን የመጀመሪያ ጥርስ ወስጄ ጣራ ላይ ወረወርኩት፣ እኛ አገር እንደሚደረገው። ማታ አባትዬው ትራሱን ቢያነሱ ምንም የለም፤ ቤቱ ታመሰ። ሩሃማ ስለ ሁለት አገር ልማድ ብዙ ጽፋበታለች፣ አንጀት የሚያርስ አድርጋ። ከዚያ መጨረሻው ላይ እንዲህ ይላል፤ «የልጅቷን ጥርስ ለምን እንደወረወረችው ጠየቅኳት። ሳቀች፤ ምክንያቱን አልነገረችኝም።»

ይሄንን ነው ያስወጣሁት። ሦስት ሽማግሌ ልኬ።

ሰኞ፣ ታኅሣሥ 15

አባ ገላው ጋ ሄጄ ተመልሳችሁ ሂዱልኝ አልኳቸው። ምን ልንላት አሉ። ያወጣሽውን መልሺው በሏት አልኩ። መቁጠሪያቸውን አስቀምጠው ከልባቸው ሳቁ፤ ጾም ላይ እንዲህ ሲስቁ አይቼ አላውቅም። «እኛ አስወጥተናል። ማስገባቱ ያንቺ ነው» አሉኝ።

ስልክ አነሳሁ፣ አስቀመጥኩ። ለልጅ እንዴት ተሳሳትኩ ይባላል? የኔ እናት «ተሳሳትኩ» ብላኝ አታውቅም።

ማክሰኞ፣ ታኅሣሥ 30

ትናንት ገና ነበር። ከቅዳሴ መልስ ቤት አልገባሁም። ባቡር ይዤ ሲልቨር ስፕሪንግ ሄድኩ። ካፈርኩ አይመልሰኝ ብዬ ነው የሄድኩት።

በሯን ሳንኳኳ ነጠላዬን ከጥቁር ኮቴ ላይ አጣፍቼ ነበር። ግቢ አለች። ገባሁ። ወንበር ላይ ያሉትን መጽሐፎች አንስታ ተቀመጪ አለችኝ።

«ጉዳዬ ሳይፈጸም አልቀመጥም» አልኳት።

አየችኝ። ነጠላውን አየችው። መሳቅና ማልቀስ አንድ ላይ ፊቷ ላይ መጣ። ከዚያ ቀጥ ብላ ቆመች፣ እጇን አጣመረችና በአማርኛ «ማን ላከዎት?» አለች፣ ለሽማግሌ እንደሚባለው።

«ምዕራፍ ስድስት።»

ወጥቷል እኮ አለች፤ መጽሐፉን ዓርብ ነው የምልከው። ይመለስ አልኩ። ሰው ያውቅብኛል ብለሽ አልነበር አለችኝ። ሰው ከኔ በፊት ያውቃል፣ ራሴን ሳሞኝ ነው የኖርኩት አልኳት። አንብቤዋለሁ አልኩ። ሦስት ጊዜ። ጥሩ ነው፤ አንድ የጎደለው ነገር ግን አለ፣ ጥርሱን ለምን እንደወረወርኩት አልነገርኩሽም።

ከዚያ ነገርኳት፣ እንደቆምኩ። በዚያ ሳምንት ከአዲስ አበባ የእናቴ ደብዳቤ ደርሶኝ ነበር። የሩሃማ የመጀመሪያ ጥርስ ተነቀለ፣ ጣራ ላይ ወረወርነው፣ አላለቀሰችም ይላል። ቤዝመንት ሆኜ አነበብኩት። በማግስቱ ክሌር እየሮጠች መጥታ ጥርሷን መዳፌ ላይ አስቀመጠችልኝ።

«የክሌር መሆኑን ረሳሁት» አልኳት። «ጓሮ ወጥቼ ያንቺን ስም ጠርቼ ነው የወረወርኩት። የኔ ልጅ ጥርስ ነጭ ሆኖ ይብቀል ብዬ ነው የወረወርኩት።»

አፏን በእጇ ሸፈነች። አልቅሳ ስትጨርስ ኮምፒዩተሯ ጋ ሄዳ ተቀመጠች። ምዕራፉን ከየት እንዳመጣችው እንጃ፣ ወዲያው ስክሪኑ ላይ ታየ፤ አልጣለችውም ለካ። መጨረሻውን ዓረፍተ ነገር ስታጠፋው አየሁ። ብዙ ጻፈች። እኔ ከኋላዋ ቆሜያለሁ፣ እግሬ አሞኛል፣ አልተቀመጥኩም።

ስሟን ማን ልበላት አለችኝ፣ ዓይኗን ከስክሪኑ ሳታነሳ። እዚያ ላይ «ወይዘሮ ሀ» ነበር የሚለው።

«ውብነሽ አያሌው በያት» አልኳት። «አሌክሳንድሪያ ጠበቃ ቤት ክሌርን ያሳደገች። የሩሃማ እናት።»

ጻፈችው። ፊደል በፊደል ሲወጣ አየሁት፣ ስሜን፣ የአባቴን ስም፣ የሷን ስም። ከዚያ ዞረች፣ ሳቀች፣ ያን ጥርሷን አየሁት።

«እማ፣ አሁንስ ቁጭ አትይም?» አለችኝ።

ተቀመጥኩ።